የማን እንግዳ ነዎት?

«ይህኛው ቤት ደግሞ» አለ ከእንጨቱ ርብራብ ውጭ የቆመው ሰውዬ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፤ «እናትየዋ ሰው መለየት ከተሳናቸው ከርሟል። የቤቱ ሰዎች ይደብቁታል።» አብራው ያለችው ሴት «ውይ፣ ያሳዝናል» አለች። ከዚያ ሁለቱም በድንጋዩ ንጣፍ ላይ ቀስ እያሉ ወደ ወንዙ አቅጣጫ ሄዱ። ፉሳኤ በመግቢያው ክፍል ተንበርክካ የትናንቱን አበባ ከሸክላው እያወጣች ነበርና መቀሱን እንደከፈተች ቀረች። በርብራቡ ቀዳዳ አጮልቃ ስታይ የታያት የሰውዬው ጀርባና በብብቱ የያዘው የታጠፈ ቢጫ ጃንጥላ ብቻ ነው። ጃንጥላው ላይ በትልልቁ የስልክ ቁጥር ተጽፎበታል። ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ተኩል ነበር፤ የኪዮቶ የኅዳር ፀሐይ ገና ጣሪያዎቹን ተሻግራ አልወረደችምና የጠባቡን መንገድ አንድ ጎን ብቻ ነክታለች።

ቤቱ ሻይ ቤት ይባላል፤ ሻይ ግን ሸጦ አያውቅም። በዳንስና በዘፈን እንግዳ የሚያጫውቱት ሴቶች፣ ጌይሾች፣ ተጠርተው የሚመጡበት፣ እንግዶች የሚበሉበትና የሚጠጡበት፣ ስድስት ክፍል ያለው ጠባብና ረጅም የእንጨት ቤት ነው። በሩ ላይ ዋጋ አልተለጠፈም፤ ሰውም ዝም ብሎ አይገባበትም። ሚኒስትርም ይሁን ባለ ፋብሪካ፣ አንድ የቆየ ደንበኛ «የኔ ሰው ነው» ብሎ በስሙ ካላስገባው «ዛሬ ሞልቶብናል» ተብሎ በትሕትና ይሸኛል። ያስገባው ሰው ለገባው ሰው ጠባይ ዋስ ነው፤ የገባውም ቀኑ ሳይመሽ በስሙ ለገባበት ሰው ምስጋና መላክ አለበት። ማን በማን ስም እንደገባ፣ ማን ከማን ጋር በአንድ ክፍል እንደማይቀመጥ፣ የማን ጉበት የሩዙን መጠጥ፣ ሳኬን፣ እንደማይችል፣ ይህ ሁሉ በደብተር አይጻፍም። የስድሳ ዓመቱ መዝገብ የቤቱ እመቤት የእማማ ታዙ ጭንቅላት ነው። የቤቱ እንጨት በምስጥ ሲበላ ይለወጣል፤ እሱ ግን ምትክ የለውም።

መዝገቡ ባለፈው መጋቢት መሳሳት ጀመረ። መጀመሪያ ቀኑን መርሳት ነበር። ኋላ ሚስቱ ከሞተችበት ሁለት ዓመት ያለፈውን አንድ ሐኪም፣ እማማ ታዙ በሩ ላይ ተንበርክከው፣ «ባለቤትዎ እንዴት ናቸው? ጉልበታቸው ተሻላቸው?» አሉት። ሐኪሙ ጫማውን እያወለቀ «ደህና ናት፣ ተሽሏታል» ብሎ መለሰና ወደ ክፍሉ አለፈ። ከዚያች ምሽት ወዲህ ፉሳኤ ከእናቷ ግማሽ እርምጃ ወደ ኋላ ትቆምና የእንግዳውን ስም፣ ያስገባውን ሰው ስም፣ የሞተውንና ያልሞተውን በሹክሹክታ ታቀብላለች። እማዬ ትላቸዋለች እንጂ የሥጋ ልጃቸው አይደለችም። በአሥራ አምስት ዓመቷ ከሰሜን የዓሣ አጥማጆች መንደር መጥታ፣ ዳንሱንና ክራሩን ተምራ ጌይሻ ሆና፣ ሠላሳ ስድስት ሲሞላት ነው ታዙ ቤቱ ወራሽ እንዲኖረው በወረቀት ልጅ ያደረጓት። የሥጋ ልጃቸው ሪትሱኮ የጌይሾቹን ነጭ የፊት ቀለም ገና በልጅነቷ ጠልታ አንድ የኦሳካ ጥርስ ሐኪም አግብታ ወጣች። በየሐሙሱ በባቡር ትመጣለች። ባለፈው ወር ይዛ በመጣችው መንደሪን ሥር አንድ የሚያብረቀርቅ ወረቀት ትታ ሄደች፤ የአረጋውያን መጦሪያ ማስታወቂያ ነበር። ወረቀቱ ላይ ሽማግሌዎች በሰፊ መስኮት አጠገብ ተቀምጠው ይስቃሉ። ፉሳኤ ወረቀቱን አጥፋ መሳቢያ ውስጥ ከተተችው፤ ሁለቱም እስከ ዛሬ ስሙን አላነሱትም። ወሬው ከወጣ የሚሆነውን ግን ታውቀዋለች። ማንም አንድ ቃል ሳይናገር እንግዶቹ አንድ በአንድ ይቀራሉ፣ ለአበባ መውጫ ወራት ቤቱ ይዘጋል፣ እማማ ታዙም ወደዚያ ሰፊ መስኮት ይወሰዳሉ። ከዚህ ቤት ከወጡ ደግሞ ወር አይቆዩም።

ነገሩን የሚያውቁት ሦስት ሰዎች ናቸው፦ እሷ፣ ወጥ ቤቷ ሂሳ፣ ሪትሱኮ። ጎረቤቷ ወይዘሮ ኦኩኖ አያውቁም፤ ቢያውቁማ ጉድ ነው። ከሃያ ዓመት በፊት አንድ ትልቅ ደንበኛ ከሳቸው ቤት ወደዚህ ቤት ከተሻገረ ወዲህ በሁለቱ ደጆች መካከል ከሰላምታ የዘለለ ቃል የለም። ከመስከረም ወዲህ ግን ወይዘሮ ኦኩኖ አንድ አዲስ ነገር አምጥተዋል። ፉሳኤን ባዩ ቁጥር ራሳቸውን ዝቅ አድርገው «እናትዎ ዛሬም እንደተጉ ናቸው» ይላሉ። በዚህ ከተማ ምስጋና በሁለት እጅ አይቀበሉትም፤ «የልጅዎ ድምፅ እያማረ ሄዷል» ያለ ጎረቤት ልጁን ዝም አሰኙልኝ ማለቱ ነው። ፉሳኤ ያቺን «ትጋት» ሦስት ወር ሙሉ ስታገላብጣት ከርማ ምን እንደሆነች አልደረሰችባትም።

ወደ ጓዳ ገባች። ሂሳ ከአኩሪ አተሩ አይብ፣ ከቶፉ ጋር የሚቀርበውን ነጭ ሥራሥር እየከተፈች ነበር። አርባ ስድስት ዓመት በዚህ ጓዳ ኖራለች፤ ፉሳኤን ከነልጅነት ሽፍታዋ ታውቃታለች።

«እትዬ ሂሳ፣ ቶፉ ቤት ሲሄዱ ሰው ያወራዎታል?»

«ቶፉው ነው የሚያወራኝ። ‹ዋጋ ጨምሬያለሁ፣ ጨምሬያለሁ› ይለኛል።» ሂሳ ቢላዋዋን አሳረፈች። «ምን ጠፋ?»

«ምንም።»

«ምንም ያልጠፋባት ሴት እንዲህ ግድግዳ አታይም።»

ወሬውን ያወጣችው ሂሳ ልትሆን አትችልም። በአርባ ስድስት ዓመት የገዛ ዕድሜዋን እንኳ ለማንም አልተናገረችም፤ ዕድሜዋን ያወቁት ስትታመም ከሆስፒታል ካርድ ላይ ነው። እንግዲህ የቀረችው አንዲት ናት። ፉሳኤ የአበባውን ውሃ እየደፋች ነገሩን ገጣጠመችው፤ ወረቀቱ ቀደመ፣ ወሬው ተከተለ፣ ቤቱ ሲዘጋ ደግሞ ቦታውን ሆቴል የሚሠራበት ሰው አይጠፋም። ባለፈው ዓመት ሦስት ቤት አልፎ ያለው ቦታ በስንት እንደተሸጠ የነገረቻት ራሷ ሪትሱኮ አይደለችም? እንዲያውም ስትነግራት ቁጥሩን ሁለት ጊዜ ነበር ያለችው። አራት ሰዓት ላይ ስልኩ ጮኸ፤ እንደ ልማዷ ሪትሱኮ ነበረች።

«ነገ ስድስት ሰዓት ላይ እደርሳለሁ። መንደሪን ላምጣ ወይስ የሩዝ ኬክ?»

«በዚህ ብርድ ምን ያደክምሻል» አለች ፉሳኤ፤ ድምፅዋ እንግዳ እንደምትቀበልበት ድምፅ የለሰለሰ ነበር። «ሥራሽም ብዙ ነው። እኛ ደህና ነን፣ አታስቢ።»

ሪትሱኮ እዚሁ ቤት ተወልዳ ያደገች ናትና አስተርጓሚ አላስፈለጋትም። በዚህ መንገድ ላይ በር የሚዘጋው በእንዲህ ያለ ቃል ነው። ከስልኩ ወዲያ፣ ከባሏ ክሊኒክ፣ የጥርስ መቦርቦሪያው ሲያፏጭ፣ ሲያቆም፣ እንደገና ሲያፏጭ ተሰማ። «እሺ» አለች በመጨረሻ። «እማዬን ሰላም በይልኝ።» ፉሳኤ ስልኩን ከዘጋች በኋላ የረታች መስሎ ተሰማት፤ ቀጥሎ ደግሞ ማስረጃ የሌላት መሆኑ ትዝ አላት። እንደ ገና ስልኩን አነሳችና ከቢጫው ጃንጥላ ላይ ያየችውን ቁጥር ደወለች።

ሰውዬው አስጎብኚ ነኝ፣ ናካባያሺ እባላለሁ አለ። የግል ጉብኝት፣ ለአንድ ሰው፣ ሁለት ሰዓት በእግር፣ አሥራ ስምንት ሺህ የን። ለዛሬ ስምንት ሰዓት ላይ የነበረው ደንበኛ ቀርቶበታል። አሥራ ስምንት ሺህ የን ሂሳ ለሦስት ቀን እንግዳ የምትገዛውን ዓሣ ይገዛል። ፉሳኤ ከናጎያ የመጣች ወይዘሮ ሞሪ ነኝ ብላ ተመዘገበች። እማማ ታዙ ምሳቸውን በልተው ጋደም ሲሉ ወደ ጓዳ ሄዳ የሂሳን ሱሪ፣ ካፖርትና ሸራ ጫማ ጠየቀች።

«ጥርስ ሐኪም ዘንድ ልሄድ ነው።»

«በኔ ሱሪ?»

«ዝናብ ሊመጣ ይችላል።»

ሂሳ በጓዳው መስኮት ጥርት ያለውን ሰማይ አየች። «ይምጣ እንግዲህ» አለች። «እኔ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ ለቶፉ ብቅ ስል የኋላውን በር እቆልፈዋለሁ። ቁልፍሽን እንዳትረሺ።» ፉሳኤ እሺ ብላ ኮፍያዋን እስከ ቅንድቧ ደፍታ፣ አፍና አፍንጫዋን በማስክ ሸፍና በኋላው በር ወጣች።

ናካባያሺ ድልድዩ ጫፍ ላይ ቆሞ ጠበቃት። ዐርባ አምስት ዓመት ገደማ የሚሆነው፣ ትከሻው የጠበበ ሰው ነው፤ ከዚህ ሥራ በፊት የሁለተኛ ደረጃ ኬሚስትሪ መምህር ነበርኩ አላት። ምላሱ ቁጥብ ነው፣ ስለማይጮኽም ለመስማት ጠጋ ማለት ያስፈልጋል። ፉሳኤ ይህንንም ተጠራጠረችው፤ ሰው የሚያስጠጋ ሰው የሚፈልገው ነገር አለው። ስለ ቀያዮቹ ፋኖሶች፣ ስለ መስኮቶቹ ርብራብ፣ ከመንገድ ወደ ውስጥ የማያሳየው ከውስጥ ወደ መንገድ ለምን እንደሚያሳይ ነገራት። የሚናገረውን ሁሉ ሁለት ቦታ እየከፈለች ሰማችው፤ ይኼ ከመጽሐፍ ነው፣ ይኼ ከሰው አፍ ነው። የአንዱን ቤት ፎቅ አሳይቶ «ከዚህኛው ቤት ሦስተኛው ክፍል ከበጋ ወዲህ አገልግሎት ላይ አልዋለም» አለ፤ ልክ ነበር። ማን ነገረዎት አለችው። «መዝጊያው ላይ ሸረሪት አድርታለች» አለና በጃንጥላው ጫፍ አመለከታት። አላመነችውም።

ከሁሉ ያስገረማት ግን የመንገዱ ሰው ነው። አርባ አራት ዓመት በዚህ መንገድ አንገቷን ሳትሰብር አሥር እርምጃ ሄዳ አታውቅም። ዛሬ ጫማ ሰፊው፣ ጸጉር ሠሪዋ፣ ጠዋት ጠዋት ዓሣ የሚያመጣላቸው ሰው፣ ሁሉም ዓይናቸው በላይዋ ላይ አርፎ እንደ ውሃ ተንሸራቶ አለፈ። ፀጉር አስተካካዩ ቤት ግድግዳ ላይ ጌይሾች በየበጋው ስማቸውን በቀይ ጽፈው ለወዳጅ የሚሰጧቸው ነጫጭ ማራገቢያዎች ተደርድረዋል። ናካባያሺ ከሁሉ በላይ የተሰቀለውን፣ ፀሐይ ያቃጠለውን አንዱን አሳያት። ኮፉሳ ይላል፤ የጌይሻነት ስሟ ነው፣ በሃያ ሰባት ዓመቷ የሰጠችው የራሷ ማራገቢያ።

«ይቺኛዋ ሳትሞት አትቀርም» አለ።

«ምን ሆና?»

«እንጃ። ስሟን የሚያነሳ የለም።»

ከአኻያው ዛፍ አጠገብ ያለውን የውሃ ቦይ ተሻግረው ወደ ጠባቡ መንገድ ገቡ። ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ሆኗል። ናካባያሺ ከፉሳኤ ቤት ፊት ለፊት፣ ትንሽ ወደ ጥግ ብሎ፣ አንድ የተዘጋ በር ሥር ቆመና ጣቱን ከንፈሩ ላይ አደረገ። ፉሳኤ የገዛ ቤቷን እንዲህ ቆማ አይታው አታውቅም። ጠባብ ነው። የበሩ ክዳን አንድ ጥግ ላይ ዝናብ አበስብሶታል፤ ከውስጥ አይታይም ነበር። በዚህ ጊዜ የወይዘሮ ኦኩኖ በር ግማሽ ተከፈተ። ሴትዮዋ አንገታቸውን አውጥተው ወዲህና ወዲያ አዩ፤ የቆሙትን ሁለት ጎብኚዎች አይተው እንዳላዩ አለፏቸው። ከዚያ በአቧራ ማፈሻ የሞላ ቢጫ ቅጠል ይዘው ወጥተው የገዛ ደጃፋቸው ላይ በተኑት። በእግራቸው ጫፍ እዚህና እዚያ ካዳረሱት በኋላ ገብተው በሩን ዘጉ። ፉሳኤ ደሟ ፈላ። ይቺ ናት ትጋቷ ማለት፤ ቆሻሻቸውን በትነው፣ የኛን ደጅ አሳደፋችሁት ሊሉ ነው።

ብዙም ሳይቆይ እማማ ታዙ ረጅሙን የቀርከሃ መጥረጊያ ይዘው ብቅ አሉ። መጥረጊያውን በእጃቸው ያስያዘቻቸው ራሷ ፉሳኤ ናት፤ መስከረም ላይ ከሰዓት በኋላ እየተቁነጠነጡ ስላስቸገሩ። ደጇን የምትጠርግ አሮጊት ጤነኛ አሮጊት ናት ብላ ነው፤ ከውጭ ለሚያይም መልካም ነው ብላ ነው። በዚያ ሰዓት እሷ ሁልጊዜ ከኋላ ክፍል የማታውን ኪሞኖ ስታዘጋጅ ስለሚሆን ቆማ አይታቸው አታውቅም። እማማ ታዙ የገዛ ደጃቸውን ጠረጉ፤ ምንም አልነበረበትም። ከዚያ ሳያቆሙ ወደ ወይዘሮ ኦኩኖ ደጅ ተሻግረው ቅጠሉን ከዳር እስከ ዳር፣ እስከ ሦስተኛው ቤት ወሰን ድረስ ሰበሰቡት። ፊታቸው ላይ ፉሳኤ ለወራት ያላየችው እርካታ ነበር። ጨርሰው ወደ ጎብኚዎቹ ዞር አሉና በወጉ እጅ ነሡ፤ ለማያውቁት ሰው እንደሚነሣ። ገቡ።

«አዩ?» አለ ናካባያሺ።

«ማን ነገረዎት?» አለች ፉሳኤ። ድምፅዋ እንደ ወይዘሮ ሞሪ መሆኑ ቀርቶ ነበር።

«ማንም።»

«ከዚህ ቤት አንድ ሰው ሳይነግርዎት...»

«በዚህ መንገድ ማንም ምንም አይነግረኝም። አምስት ዓመት ተመላልሼ ቀዝቃዛ ውሃ እንኳ ያቀበለኝ የለም።» ጃንጥላውን ከአንዱ ብብት ወደ ሌላው አዛወረው። «እዚህ ሰው የራሱን ደጅ ይጠርግና ከጎረቤቱ ላይ አንድ ስንዝር ይጨምራል። ስንዝሯን ከተዋት ቅዝቃዜ ነው። ካለፋት ደግሞ ስድብ ነው፤ ‹አንተ ሰነፍ ነህና እኔ ልጥረግልህ› ማለት ነው። ይህ ቤት አራት ዓመት ሙሉ ስንዝሯን አልሳተም። ከመስከረም ወዲህ ግን እኚህ እናት የጎረቤታቸውን ደጅ እንዳለ ይጠርጋሉ። ስድብ ቢሆን ጎረቤት ዝም አይልም፤ በማግስቱ ይመልሳል። እነዚህ አልመለሱም። መጀመሪያ ዝም ብለው ተዉ። ኋላ ከግቢያቸው ቅጠል እያመጡ ይበትኑላቸው ጀመር፤ የሚጠረግ እንዳያጡ። ሦስተኛውም ቤት በዚህ ሰዓት በር አይከፍትም። አንድ ሰው ድንበሩን ረስቷል፣ ሌላው ሁሉ ያውቃል። ይኸው ነው።»

«ሌላው ሁሉ?»

«ከአኻያው እስከ ድልድዩ።»

ፉሳኤ ያንን የተጠረገ ድንጋይ ስታይ ቆየች። ስምንት ወር ሙሉ በሩ ላይ ስም ስትሾከሹክ፣ እንግዶቹ ጫማቸውን እንዲያ ቀስ ብለው የሚያወልቁት ለካ በምክንያት ኖሯል። ሹክሹክታው እስኪያልቅ እየጠበቋት ነው። ሐኪሙ «ተሽሏታል» ካለ በኋላ አራት ጊዜ ተመልሶ መጥቷል። ይህ ደግነት ነው ልትል ፈለገች፤ ግን በዚህ መንገድ አርባ አራት ዓመት የኖረች ሴት ያን ቃል በቀላሉ አታወጣም። ምናልባት ሁሉም በትሕትና ቆመው የመጨረሻዋን ቀን እየጠበቁ ይሆናል። ወይዘሮ ኦኩኖ የሚበትኑት ቅጠል ምን እንደሆነ ከወይዘሮ ኦኩኖ በቀር የሚያውቅ የለም፤ ሊጠየቅም አይቻልም። አንድ ነገር ብቻ ግልጽ ሆኖላታል። ሪትሱኮ ለማንም አልተናገረችም።

ናካባያሺ ጉሮሮውን ጠረገ። «ቅድም አኻያው ጋ ቦዩን ሲሻገሩ» አለ፤ «ያልለበሱትን ቀሚስ ጫፍ በእጅዎ ሰበሰቡ።»

«እኔ ከናጎያ ነኝ።»

«አዎ። ናጎያም ቦይ አይጠፋም።» መሬት መሬቱን እያየ ነበር። «መምህር ነበርኩ። ያየሁትን መናገር ለምዶብኛል። ከርብራቡ ጀርባ ጆሮ ያለው ሰው እንደሚቀመጥ ለሰው ሁሉ እያስረዳሁ፣ ራሴ ረሳሁት። ከነገ ጀምሮ አኻያው ጋ ስደርስ ወደ ግራ እታጠፋለሁ።» ፉሳኤ ይታጠፍ አይታጠፍ እርግጠኛ አልሆነችም። የቀረውን ግማሽ ሰዓት ሳትጨርስ አመስግናው ድልድዩ ጋ ተለያዩ።

የኋላው በር ተቆልፏል። እጇን ወደ ወገቧ ሰደደች፤ ቁልፉ ከቤት ከቀረው መቀነቷ ውስጥ ነው። ሂሳ ገና አልተመለሰችም። ዞራ መጥታ የፊተኛውን በር ከፈተችው፤ ትንሿ ደወል ጮኸች። እማማ ታዙ ከውስጥ ወጥተው ከወለሉ ጫፍ ተንበረከኩ፤ አሥሩ ጣታቸው ምንጣፉ ላይ፣ ስድሳ ዓመት እንዳደረጉት። ፊታቸው ላይ መደናገር የሚባል ነገር አልነበረም።

«እንኳን ደህና መጡ» አሉ። «የማን እንግዳ ነዎት?»

ፉሳኤ ኮፍያዋን አወለቀች። ማስኩን አወረደች። ጠበቀች። የታዙ ዓይን ከፊቷ ወደ ካፖርቱ፣ ከካፖርቱ ወደ ሱሪው፣ ከሱሪው ወደ ሸራ ጫማው በጨዋ ደንብ ወረደና ተመለሰ።

«እማዬ፣ እኔ ነኝ።»

በዚህ ሰፈር የቤቱን እመቤት እማዬ የማይል የለም፤ እንግዳውም ይላል፣ ዓሣ ነጋዴውም ይላል። ቃሉ ማንነቷን አልነገረም።

«አዎ፣ እርስዎ ነዎት» አሉ ታዙ በትሕትና። «በማን ስም መጡ?»

«በፉሳኤ ስም።»

የታዙ ፊት ፈካ፣ ወዲያው ደግሞ ተመልሶ ተዘጋ። «ፉሳኤ ሰው ብትልክ ትነግረኝ ነበር። ፉሳኤ ምንም አትረሳም።» ግንባራቸው ከእጃቸው እስኪደርስ ዝቅ አሉ። «ይቅርታ ያድርጉልን። ዛሬ ሞልቶብናል።»

እንከን አልነበረውም። ፉሳኤ ይህን ሽኝት ሺህ ጊዜ ከታዙ ኋላ ሆና አይታዋለች፤ ከፊት ምን እንደሚመስል ግን አታውቅም ነበር። ከጀርባዋ ተንሸራታች የእንጨት በር ሲንቀሳቀስ ሰማች። ዘወር ስትል ወይዘሮ ኦኩኖ ባዶ የአቧራ ማፈሻቸውን ይዘው ደጃፋቸው ላይ ቆመዋል። ሁሉንም ሰምተዋል። ዓይን ለዓይን ተያዩ። ሴትዮዋ አላወቋትም፤ ማለት፣ አለማወቅን መረጡ። ለእንግዳ እንደሚነሣ እጅ ነሥተው፣ በሩን ድምፅ እንዳያሰማ በሁለት እጃቸው ደግፈው ዘጉት።

ፉሳኤ ወደ እናቷ ዞረች። «ሪትሱኮ ናት የላከችኝ» አለች።

ታዙ ቀና አሉ። «ሪትሱኮ? የኔዋ?»

«የእርስዎዋ።»

«ታዲያ ምን ያቆምዎታል በዚህ ብርድ!» ብድግ ብለው ለእንግዳ የሚቀመጠውን ወፍራም ትራስ ፍለጋ ጀመሩ። «ይግቡ፣ ይግቡ። እግርዎ ደክሟል። ነገ እኮ ትመጣለች፤ ሐሙስ ሐሙስ ትመጣለች። መንደሪን ይዛ ነው የምትመጣው።»

ፉሳኤ የሂሳን ጫማ አውልቃ በገዛ ቤቷ በእንግዳ ቦታ ተቀመጠች። ታዙ ሻዩን አንድ ጠብታ ሳያፈስሱ ቀዱላት። ስለ ልጃቸው አወሩላት፤ በልጅነቷ የፊት ቀለም ሲቀቧት ምን ያህል ታለቅስ እንደነበር፣ እንዴት እንደሄደች፣ እንዴት በየሳምንቱ እንደምትመጣ። ስለ ፉሳኤም አወሩላት፤ እሷ ባትኖር ቤቱ አንድ ቀን አያድርም አሉ። ከዚያ እንደ ትልቅ ሰው ጣታቸውን ቀስረው፣ «ያስገባዎትን ሰው ማመስገን አይርሱ» አሏት። «ሳይመሽ።»

ፉሳኤ ይቅርታ ጠይቃ ወደ መተላለፊያው ወጣች። በመንገዱ ፋኖሶቹ ገና አልበሩም። ሪትሱኮ ስልኩን በመጀመሪያው ጥሪ አነሳችው።

«እማዬ ምን ሆነች?»

«ደህና ናቸው።» ፉሳኤ ጀርባዋን ለግድግዳው ሰጠች። «ዛሬ በስምሽ ገብቻለሁ። ላመሰግንሽ ነው የደወልኩት።»

ከወዲያ መቦርቦሪያው አያፏጭም፤ የመጨረሻው በሽተኛ ሄዷል መሰለኝ አለች ፉሳኤ በልቧ። ሪትሱኮ የት ቤት፣ ማን ከለከለሽ፣ ለምን ብላ አልጠየቀችም። ቀስ እያለ እየገባት ነበር፤ ትንፋሿ ይሰማል።

«ዋስሽ እኔ ነኝ ማለት ነዋ» አለች በመጨረሻ። «ጠባይሽስ እንዴት ነበር?»

«ጠዋት ጥሩ አልነበረም።»

«አዎ» አለች ሪትሱኮ። «ነገ ስድስት ሰዓት።»

«መንደሪኑን አትርሺ። እየጠበቁት ነው።»

ስልኩን ዘጋች። ከመንደሪኑ ሥር ሌላ ወረቀት ይኑር አይኑር ነገ ታየዋለች። ከውስጥ እማማ ታዙ፣ እንግዳ እንዳይሳቀቅ በለሰለሰው ድምፃቸው፣ «እንግዳዬ፣ ሻይዎ ቀዘቀዘ» ሲሉ ተጣሩ። ፉሳኤ የሌለውን የቀሚስ ጫፍ በእጇ ሰብስባ ገባች።